የሄኖክ ዕድሜ፦ ከጣና ብራና እስከ ሙት ባሕር ዋሻ

መጽሐፈ ሄኖክ መቼ ተጻፈ? ጥያቄው ሲነሣ ሁሉም የሚያውቀው አንድ አንድ ቁራጭ ነው። አንዱ ከአዳም ሰባተኛ የሆነው ሄኖክ ከጥፋት ውኃ በፊት እንደ ጻፈው ከአባቶች ሰምቷል። ሌላው ብሩስ የሚባል ስኮትላንዳዊ ከጎንደር ይዞት እንደ ሄደ ያውቃል። ሦስተኛው ሙት ባሕር አጠገብ ዋሻ ውስጥ ስለተገኙት ጥቅልሎች አንብቧል። ሁሉም የአንድ ታሪክ ክፍሎች ናቸው። እዚህ አብነትና ልደታ አካባቢ መንፈሳዊ መጻሕፍት ከሚሸጡባቸው ቦታዎች የአማርኛውን ሄኖክ ገዝቶ ወደ ቤቱ የሚሄድ ሰው፣ ሊቃውንት የጥንት አይሁድ መጻሕፍትን ዘመን መለየት ከተማሩባቸው ዋና ዋና መጻሕፍት አንዱን ነው በእጁ የያዘው።

ወደ ትረካው ከመግባታችን በፊት አንድ ነገር እንያዝ። የጥንት መጽሐፍ ዕድሜ አንድ ብቻ አይደለም። የሚተርከው ዘመን አለ፣ ድርሰቱ የተደረሰበት ዘመን አለ፣ በእጃችን ያለው ቅጂ የተገለበጠበት ዘመንም አለ። ሊቃውንቱ ለብዙ ዘመን የተከራከሩት በመካከለኛው ላይ ነው። እርሱን ለማግኘት ደግሞ ሁልጊዜ በሦስተኛው በኩል ማለፍ ግድ ሆኖባቸዋል። ከዚህ በታች ያሉት ዓመታት በሙሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ከ1ኛው እስከ 6ኛው ክፍለ ዘመን፦ ሌላው የተወውን አክሱም ያዘው

በክርስትና መጀመሪያ ዘመን ሄኖክ በሰፊው ይነበብ ነበር። በአዲስ ኪዳን የይሁዳ መልእክት ስሙን ጠርቶ ቃሉን ይጠቅሳል። ስለ ዕድሜው የተነሣው ክርክርም ከዚያ ብዙ አልዘገየም። በ3ኛው ክፍለ ዘመን መባቻ የካርታጎው ተርቱሊያኖስ ለመጽሐፉ ሲሟገት፣ ከጥፋት ውኃ በፊት የተጻፈ ነገር እንዴት ተረፈ ለሚሉት ኖኅ የቅድመ አያቱን ቃል ሊጠብቅ ይችል እንደነበር መለሰ። ከሁለት መቶ ዓመት በኋላ የተነሣው አውግስጢኖስ ግን የዚያን ያህል ጥንታዊ ነው መባሉ ራሱ ያጠራጥራል አለ። አንዱ በጥንታዊነቱ ተቀበለው፣ ሌላው በዚያው በጥንታዊነቱ ተወው።

በሁለቱ መካከል ፖርፊርዮስ የተባለ አረማዊ ፈላስፋ ነበር። እርሱ የመረመረው ሄኖክን ሳይሆን ትንቢተ ዳንኤልን ነው። ዳንኤል የግሪክ ነገሥታትን ጦርነት እስከ አንጥያኮስ ኤጲፋንስ ድረስ በዝርዝር ይናገራል፤ ከዚያ በኋላ ያለው ግን ከታሪክ ጋር አይገጥምም። ፖርፊርዮስ ይህን አይቶ፣ ጸሐፊው የኖረው ዝርዝሩ በተቋረጠበት ዘመን ነው አለ። ዓላማው ክርስትናን መንቀፍ ስለነበረ ሄሮኒሞስ አጥብቆ ተቃወመው። መንገዱ ግን ከሰውየው ዓላማ ተለይቶ ኖረ፤ ከ1500 ዓመት በላይ ቆይቶም ሄኖክ ላይ ዋለ።

ሄኖክ ቀስ በቀስ በግሪኩና በላቲኑ ዓለም ከመነበብ ወጣ። የማይነበብ መጽሐፍ አይገለበጥም፣ የማይገለበጥ ብራና ደግሞ በስብሶ ያልቃል። በአክሱም ነገሩ ሌላ ነበር። በ4ኛውና በ6ኛው ክፍለ ዘመን መካከል ቅዱሳት መጻሕፍት ከግሪክኛ ወደ ግዕዝ ሲመለሱ ሄኖክና ኩፋሌ አብረው ተመለሱ፤ ከቀኖናውም ገቡ። ቤተ እስራኤልም እነዚሁን መጻሕፍት በግዕዝ ጠብቀው ኖረዋል። ዛሬ መጽሐፈ ሄኖክ ከነ108 ምዕራፉ ሙሉ ሆኖ የሚገኘው በግዕዝ ብቻ ነው።

15ኛው ክፍለ ዘመን፦ ክብራንና ሐይቅ

ከትርጉሙ ጀምሮ እስከ ቀደምቶቹ የግዕዝ ቅጂዎች ድረስ አንድ ሺህ ዓመት ገደማ ይቀራል። የአክሱም ዘመን የሄኖክ ብራና በእጃችን የለም። ባሕር ዳር ፊት ለፊት በጣና ላይ ያለችው የክብራን ገብርኤል ገዳም የያዘችው ቅጂ የ15ኛው ክፍለ ዘመን ነው። በወሎ የሐይቅ እስጢፋኖስ ቅጂም ከቀደምቶቹ ይቆጠራል። የመጽሐፉ ክብር በዚህ ዘመን ከፍ ያለ እንደነበረ ከዐፄ ዘርዐ ያዕቆብ እናውቃለን። ንጉሡ በመጽሐፈ ሚላድ ስለ ወልደ እጓለ እመሕያው (ስለ ሰው ልጅ) ሲከራከሩ ሄኖክን ደጋግመው ይጠቅሳሉ።

የቅጂ ዕድሜ እንዴት ይታወቃል? ዕድለኛ ከሆንን ጸሐፊው መጨረሻው ላይ በማን መንግሥት፣ በየትኛው አበምኔት ዘመን እንደጻፈ ይነግረናል። ማስታወሻ ከሌለ የቀረው ምስክር ፊደሉ ነው። የመቃው ውፍረት፣ የፊደሉ እግር ርዝመት፣ ማዕዘኑ ወይም ክብነቱ፣ የቁጥሩ አጣጣል ከዘመን ዘመን ይለወጣል። ዘመናቸው የተጻፈባቸውን ብራናዎች በተራ ደርድሮ ዘመን የሌለውን ከእነርሱ ጋር ማስተያየት ነው ሥራው። ይኸው ዘዴ በኋላ ሙት ባሕር አጠገብ ትልቁን ጥያቄ ፈታ።

ከ1683 እስከ 1773፦ የተሳሳተው መጽሐፍና ትክክለኛው

አውሮፓ ሄኖክን ከጣለች በኋላ ትፈልገው ጀመር። በ17ኛው ክፍለ ዘመን ፔይሬስክ የተባለ ፈረንሳዊ የመጻሕፍት ሰብሳቢ፣ ሄኖክ ነው የተባለ የግዕዝ ብራና በብዙ ድካም አስገዝቶ ነበር። ብራናው ለዓመታት በዚሁ ስም ታወቀ። በ1683 ግን ጀርመናዊው ሂዮብ ሉዶልፍ ፓሪስ ሄዶ ገልጦ አነበበውና ሄኖክ አለመሆኑን አወቀ፤ መጽሐፈ ምስጢረ ሰማይ ወምድር የተባለ ሌላ የኢትዮጵያ ድርሰት ሆኖ ተገኘ። ሉዶልፍ ይህን መለየት የቻለው ግዕዝንና አማርኛን ከአማራው ሊቅ ከአባ ጎርጎርዮስ ዘመካነ ሥላሴ ተምሮ ስለነበረ ነው። የአውሮፓ የግዕዝ ጥናት የቆመው በእኚህ አባት ትምህርት ላይ ነውና፣ ስማቸው ከሉዶልፍ ስም ተነጥሎ ሲጠራ ቅር ይለኛል።

ትክክለኛው መጽሐፍ የሄደው ከጎንደር ነው። ጄምስ ብሩስ በ1770 ጎንደር ገብቶ የዐፄ ተክለ ሃይማኖትን ቤተ መንግሥት፣ የራስ ሚካኤል ስሑልንና የእቴጌ ምንትዋብን ዓለም ከቅርብ አየ። በ1773 አውሮፓ ሲደርስ ከሻንጣው የሄኖክ ቅጂዎች ነበሩ። አንዱን ለፈረንሳይ ንጉሥ ለሉዊ 15ኛ አበረከተ፤ ሌላው ኦክስፎርድ ቦድሊያን ቤተ መጻሕፍት ገባ። ዜናው እንደተሰማ ካርል ቮይደ የተባለ ሊቅ ለመገልበጥ ከለንደን ፓሪስ ሮጠ። ከዚያ በኋላ ግን መጽሐፉ ወደ 50 ዓመት ለሚጠጋ ጊዜ ብዙም ሳይነካ ቆየ፤ ግዕዝ የሚያውቅ ሰው ጥቂት ነበር።

ከ1821 እስከ 1912፦ መጽሐፉ ራሱን ሲመሰክር

በ1821 ሪቻርድ ሎረንስ የኦክስፎርዱን ቅጂ ወደ እንግሊዝኛ መልሶ አሳተመ። ዕድሜውን ለማወቅ የነበረው ምስክር የመጽሐፉ ቃል ብቻ ነበር። ከሠራቸው ምርመራዎች አንዱ እስከ ዛሬ ያስደንቀኛል።

በሄኖክ የብርሃናት ክፍል፣ በ72ኛው ምዕራፍ፣ ቀንና ሌሊት በ18 ክፍል ተከፍለዋል። ፀሐይ በሰማይ ደጆች በኩል እየገባችና እየወጣች ትሄድና ቀኑ እጅግ በሚረዝምበት ጊዜ ቀን 12 ክፍል፣ ሌሊት 6 ክፍል ይሆናል። ቀን የሌሊት እጥፍ ሆነ ማለት ነው። ሎረንስ ቁጭ ብሎ አሰላ፦ ይህ የ16 ሰዓት ቀን ነው፤ እንዲህ ያለ ቀን በኢየሩሳሌም የለም፣ በኢትዮጵያማ ጨርሶ አይታሰብም። የሚገኘው በሰሜን ከ45 እስከ 49 ዲግሪ ባለው ምድር ነው። ስለዚህ ጸሐፊው ወደ ሰሜን ከተማረኩት የእስራኤል ነገዶች ወገን መሆን አለበት አለ። ሂሳቡ ትክክል፣ መደምደሚያው ግን ስሕተት ነበር። የባቢሎን የሸክላ ጽላቶች በኋላ ሲነበቡ ያው የሁለት ለአንድ ልክ እዚያ ተገኘ። የባቢሎን ኮከብ ቆጣሪዎች ለስሌት ምቾት የያዙት ልማድ እንጂ በዓይን የታየ ቀን አልነበረም። ሎረንስ አገር ሊያገኝበት የሞከረው ቁጥር ዘመንን ይጠቁም ኖሯል፤ የብርሃናት ክፍል እንዲህ ባለ የቆየ የባቢሎን ዕውቀት ላይ መመሥረቱ ከሄኖክ ክፍሎች ሁሉ ጥንታዊው ሳይሆን አይቀርም ለሚለው አሳብ አንዱ ድጋፍ ሆነ።

በዚሁ ዘመን በአውሮፓ ዩኒቨርሲቲዎች የኦሪት መጻሕፍት ራሳቸው ይመረመሩ ነበር። ደ ቬተ በ1805 ኦሪት ዘዳግምን ከንጉሥ ኢዮስያስ ተሐድሶ ጋር አያያዘው፤ ዌልሃውዘን ደግሞ በክፍለ ዘመኑ መጨረሻ ኦሪትን በየዘመኑ ወደተጻፉ ምንጮች ከፋፈለ። ቋንቋም ምስክር ሆነ። በዳንኤል ውስጥ ያሉት የግሪክ የዜማ ዕቃዎች ስሞች፣ በዕዝራና በአስቴር ያሉት የፋርስ ቃላት መጻሕፍቱ የተጻፉበትን ዘመን የሚያሳዩ ምልክቶች ተደርገው ተቆጠሩ።

ሄኖክ ላይ ግን በቋንቋ መፍረድ አልተቻለም፤ ያለው ትርጉም ነዋ። ስለዚህ የፖርፊርዮስ መንገድ ተመለሰ። አውግስት ዲልማን በ1851 የግዕዙን ንባብ ከአምስት ቅጂዎች አስተያይቶ አሳተመ፤ ቻርልስ የተባለ ሊቅ በ1906 ቅጂዎቹን ከ20 በላይ አድርሶ እንደገና አሳተመ፣ በ1912ም ትርጉሙን ከነሐተታው አወጣ። ሁለቱም ዓይናቸውን የጣሉበት ከ85 እስከ 90 ያለው የእንስሳት ሕልም ነው። በዚህ ሕልም የዓለም ታሪክ በሙሉ በእንስሳት ተመስሏል። አዳም ነጭ በሬ ነው፤ እስራኤል በጎች ናቸው፤ ጠላቶቻቸው ተኩላና ጅብ፣ በመጨረሻም ንስርና ቁራ ይሆናሉ። ታሪኩ ዘመን ከዘመን ሳይዘል ይወርድና አንድ በግ ትልቅ ቀንድ አብቅሎ አሞሮቹን ሲዋጋ ይደርሳል። ይህ በግ በግሪኮች ላይ የተነሣው ይሁዳ መቃቢስ መሆኑን አብዛኞቹ ተቀበሉ። የይሁዳ ሞት አልተነገረም፤ ትረካው ወደ ፍርድ ቀን ይሻገራል። ይሁዳ የሞተው በ160 ቅድመ ልደተ ክርስቶስ በመሆኑ ሕልሙ የተጻፈው ከዚያ ትንሽ ቀደም ብሎ ነው ተባለ።

ኩፋሌም በዚሁ መንገድ አለፈ። ክራፕፍ የተባለው ሚስዮናዊ ከኢትዮጵያ የላከው ቅጂ ቱቢንገን ደርሶ ዲልማን ተረጎመው፤ ቻርልስ ደግሞ ዘመኑን ዮሐንስ ሂርቃኖስ ሊቀ ካህናት በነበረበት ጊዜ ላይ አሳረፈው። ነገር ግን ይህ ሁሉ የተሠራው በግዕዝ ትርጉምና በጥቂት የግሪክና የላቲን ቁርጥራጮች ላይ ነበር። ዘግይቶ ከተገለበጠ ብራና ተነሥቶ ስለ 2ኛው ክፍለ ዘመን ቅድመ ክርስቶስ መናገር ድፍረት ነው የሚሉ ነበሩ። ማስረጃ እስካልመጣ ድረስ ሊቃውንቱ ለእነዚህ መልስ አልነበራቸውም።

ከ1947 እስከ 1976፦ ቁምራን

ማስረጃው ከበረሃ መጣ። በ1947 ገደማ የታዓምራ ጎሣ በዱዊን እረኞች ከሙት ባሕር ሰሜን ምዕራብ፣ ቁምራን አጠገብ ባለ ዋሻ ውስጥ በሸክላ እንስራ የተቀመጡ ጥቅልሎች አገኙ። በ1948 መጀመሪያ ጆን ትሬቨር የተባለ ወጣት ተመራማሪ የትንቢተ ኢሳይያስን ጥቅልል ፎቶ አንሥቶ ለዊልያም ኦልብራይት ላከ። ኦልብራይት ከ11 ዓመት በፊት ናሽ ፓፒረስ በተባለች ትንሽ የዕብራይስጥ ቅጠል ፊደል ላይ ጥናት አሳትሞ ነበርና ዓይኑ ተዘጋጅቷል። ፎቶውን ባየ ጊዜ ፊደሉ ከዚያም የቀደመ መሆኑን ለየ፤ ዘመኑንም 100 ቅድመ ክርስቶስ አካባቢ አደረገው። እስከዚያ ቀን ድረስ ሙሉው የዕብራይስጥ ብሉይ ኪዳን የሚታወቀው በ10ኛውና በ11ኛው ክፍለ ዘመን ቅጂዎች ነበር፤ በአንድ ፎቶግራፍ አንድ ሺህ ዓመት ተሻገረ።

ፍራንክ ሙር ክሮስ በ1961 ይህን ዕውቀት ሥርዓት አስያዘው። የዕብራይስጥ ጸሐፊ ፊደሉን ከሰረዙ በታች ያንጠለጥለዋል፤ ስለዚህ የፊደሎቹ ቁመት ሲለያይና ሲስተካከል፣ ጫፋቸው ሲታጠፍና ሲያጌጥ በዓይን ይታያል። ክሮስ ለውጡን ተከትሎ ጽሕፈቱን በሦስት ዘመን ከፈለው፤ የቆየው እስከ 150 ቅድመ ክርስቶስ፣ የሐስሞናውያኑ እስከ 30 ቅድመ ክርስቶስ፣ የሄሮድስ ዘመኑ እስከ ኢየሩሳሌም ጥፋት ድረስ።

ለእኛ ትልቁ ዜና ግን በ1952 ከተገኘው ከአራተኛው ዋሻ ነው። ዮሴፍ ሚሊክ የተባለ ፖላንዳዊ ካህን የዋሻውን እጅግ ብዙ ቁርጥራጮች ሲለይ፣ በአራማይክ የተጻፉ ጥቂት ቃላት ብቻ የቀሩባቸው የቆዳ ብጣሾች አጋጠሙት። ሁለት ቃል እዚህ፣ የመልአክ ስም እዚያ፣ የተቀረው ቀዳዳ። እነዚህን ማን ያውቃቸዋል? ሚሊክ ያወቃቸው ሙሉው መጽሐፍ በግዕዝ ስለነበረ ነው። ብጣሹን በቦታው የሚያስቀምጠው፣ ቀዳዳውን የሚሞላው፣ የምዕራፉን ቁጥር የሚነግረው በኢትዮጵያ የተገለበጠው ብራና ነበር። ይህ ጸሐፍቶቻችን ለዓለም ያበረከቱት ትልቅ ነገር ነው፤ በአገራችን በበቂ አልተነገረም ብዬ አምናለሁ።

ሚሊክ ሥራውን በ1976 አሳተመ። 11 የአራማይክ ቅጂዎች ተለዩ። ከብርሃናት ክፍል አንዱ ቅጂ በፊደሉ ከ3ኛው ክፍለ ዘመን መጨረሻ እስከ 2ኛው መጀመሪያ ቅድመ ክርስቶስ ሆነ። የትጉሃን መላእክት ታሪክ ያለበት ቅጂም ከ150 ቅድመ ክርስቶስ በፊት ተቆጠረ። ቅጂው ይህን ያህል ካረጀ ድርሰቱ ከእርሱ መቅደሙ ግልጽ ነው፤ የሄኖክ ቀደምት ክፍሎች ከትንቢተ ዳንኤል የመጨረሻ ቅርጽ እንደሚቀድሙ የተረጋገጠው በዚህ ነው። ኩፋሌም በዕብራይስጥ ተገኘ። አንዱ ቅጂ በ2ኛው ክፍለ ዘመን ቅድመ ክርስቶስ ማብቂያ አካባቢ የተጻፈ በመሆኑ፣ ድርሰቱ ቻርልስ ካለው ቀደም ብሎ ወደ ክፍለ ዘመኑ አጋማሽ ሄደ። በተጨማሪም ኩፋሌ አጥብቆ የሚያዝዘው የ364 ቀን ዓመት በቁምራን ጥቅልሎች ውስጥ በሰፊው ተገኘ።

ከ1968 ወዲህ፦ ብራናዎቻችን ወደ ጠረጴዛው ሲመጡ

አውሮፓውያን እስከዚህ ድረስ የሠሩት በአብዛኛው ከኢትዮጵያ በወጡ ዘግይተው በተገለበጡ ቅጂዎች ነበር። በ1968 ኤርንስት ሐመርሽሚት የጣናን ብራናዎች ፎቶ አነሣ፤ የክብራኑ ሄኖክም ለጥናት ቀረበ። በ1983 ሙሉ ትርጉሙን በዚሁ ቅጂ ላይ መሥርቶ ያወጣው ወለጋ ነጆ የተወለደው ፕሮፌሰር ኤፍሬም ይስሐቅ ነው። ከእርሱ አምስት ዓመት ቀደም ብሎ ማይክል ኒብ ግዕዙን ከአራማይክ ብጣሾች ጋር አስተያይቶ በኦክስፎርድ አሳትሞ ነበር።

በ1970ዎቹ መጀመሪያ ደግሞ በአዲስ አበባ የኢትዮጵያ ብራናዎችን በማይክሮፊልም የማንሣት ሥራ ተጀመረ። ቤተ ክርስቲያኒቱ፣ ቫንደርቢልት ዩኒቨርሲቲና በሚኒሶታ የሚገኘው የብራና ቤተ መጻሕፍት ተባበሩበት፤ ከ9000 በላይ ብራናዎችም ተነሡ። ዝርዝሩን አብዛኛውን የሠሩት ፕሮፌሰር ጌታቸው ኃይሌ ናቸው። በ1975 የደርግ ወታደሮች በጥይት መትተዋቸው ከወገብ በታች ሽባ ሆነው ተሰደዱ፤ በ2021 ያረፉት እኚህ ሊቅ ሚኒሶታ ተቀምጠው ለብዙ ዓመታት የእያንዳንዱን ብራና ዘመን በፊደሉ፣ በማስታወሻውና በነገሥታቱ ስም እየለዩ መዘገቡ። የሐይቁ ሄኖክ ለዓለም የደረሰው በዚህ ሥራ ነው።

ከ1991 እስከ 2025፦ ካርቦንና ኮምፒውተር

በፊደል ቅርጽ የተሰጠ ዘመን በሊቁ ዓይን ላይ የቆመ ነው። ዓይን ደግሞ ይሳሳታል። ካርቦን 14 ይህን ለማጣራት መጣ። እንስሳው ሲሞት በቆዳው ውስጥ ያለው ካርቦን 14 መቀነስ ይጀምራል፤ የቀረውን በመለካት የሞተበት ዘመን ይገመታል። በ1950ዎቹ መጀመሪያ የጥቅልሎቹ መጠቅለያ ጨርቅ ሲለካ ስሕተቱ ወደ ፊትም ወደ ኋላም 200 ዓመት ነበር። ከዚህም በላይ ብዙ ቆዳ መቃጠል ነበረበት፤ ማንም ብራናውን ሊያቃጥል አይፈቅድም። በ1991 በዙሪክ፣ ቀጥሎም በቱሳን በጣም ትንሽ ቁራጭ ብቻ በሚፈልግ መሣሪያ ሲለካ የእነክሮስ ፍርድ በአብዛኛው ትክክል ሆኖ ተገኘ።

በእኛም አገር ካርቦኑ አንድ ትልቅ ፍርድ ገልብጧል። ዓድዋ አጠገብ ያለው የአባ ገሪማ ወንጌል በሥዕሉና በጽሕፈቱ የ11ኛው ክፍለ ዘመን ወይም ከዚያ የዘገየ ነው ይባል ነበር። በዣክ መርሲየ ጥያቄ በኦክስፎርድ የተለካው ብራና ግን ከ4ኛው እስከ 7ኛው ክፍለ ዘመን ባለው ጊዜ ላይ ወደቀ። ገዳሙ ቀድሞም መጽሐፉ ከዘጠኙ ቅዱሳን ዘመን ነው ይል ነበር።

በሰኔ 2025 በሆላንድ ግሮኒንገን ዩኒቨርሲቲ በምላደን ፖፖቪች የሚመራ ቡድን አዲስ ጥናት አወጣ። ጥቅልሎቹ በ20ኛው ክፍለ ዘመን እንዲነበቡ ተብሎ የጉሎ ዘይት ተቀብተው ስለነበር የቀድሞው ልኬት ሊዛባ እንደሚችል አይተው፣ ዘይቱን አጥበው 30 ናሙናዎችን እንደገና ለኩ። ከዚያ ዘመናቸው የታወቁትን ጽሕፈቶች ለሰው ሠራሽ አስተውሎት አስተማሩት፤ ፕሮግራሙ የቀለሙን ጉብጠትና የፊደሉን ቅርጽ አይቶ ዘመን ይሰጣል፤ ስሕተቱም በአማካይ 30 ዓመት ገደማ ነው። ዘመናቸው ያልታወቀ 135 ቅጂዎች ሲሰጡት፣ ሊቃውንት ከመልሶቹ 79 በመቶውን አሳማኝ ብለው ተቀበሉ። ብዙዎቹ ጥቅልሎች ከታሰበው በላይ አርጅተው ተገኙ፤ አንድ የዳንኤል ቅጂ ድርሰቱ ተጠናቀቀ ከሚባልበት ዘመን ጋር ተጠጋ። ሐስሞናዊና የሄሮድስ የሚባሉት የጽሕፈት ዓይነቶችም ክሮስ ካስቀመጠው ጊዜ ቀደም ብለው መጀመራቸው ክርክር አስነሥቷል። ለፕሮግራሙ የሰጡት ስም ሄኖክ ነው።

ይሁን እንጂ ይህ መሣሪያ የማይደርስበት የሄኖክ ክፍል አለ። ከ37 እስከ 71 ያሉት የምሳሌዎቹ ምዕራፎች፣ ዘርዐ ያዕቆብ የጠቀሷቸው የወልደ እጓለ እመሕያው ራእዮች፣ በቁምራን አንዲት ብጣሽ እንኳ አልተገኘላቸውም፤ በግሪክም ቢሆን እንዲሁ። ሚሊክ በዚህ ተነሥቶ ክፍሉን ከክርስቶስ ልደት በኋላ ወደ 3ኛው ክፍለ ዘመን አወረደው፤ አብዛኞቹ ሊቃውንት ግን አልተከተሉትም። የእነርሱ ማስረጃ ሎረንስ የያዘው ያው የውስጥ ምስክር ነው፦ በ56ኛው ምዕራፍ የጳርቴና የሜዶን ሰዎች ወደ ምርጦቹ ምድር ይዘምታሉ፤ ጳርቴዎች ፍልስጥኤምን የወረሩት በ40 ቅድመ ክርስቶስ ነውና ጸሐፊው በዚያ ጊዜ ወይም ከዚያ ብዙም ሳይርቅ ኖሯል ይላሉ። ለዚህ ክፍል የሚለካ ጥንታዊ ቆዳም፣ ለኮምፒውተር የሚሰጥ የአራማይክ ፊደልም የለም። ስለዚህ ዘመኑን የሚፈልጉ ሰዎች ዛሬም የሚመለሱት ወደ ክብራኑ፣ ወደ ሐይቁና ወደ ሌሎቹ ቀደምት የግዕዝ ቅጂዎች ነው፤ ቃል በቃል እያስተያዩ የትኛው ንባብ እንደሚቀድም ይመረምራሉ። በየገዳሙ ዕቃ ቤት ገና ፎቶ ያልተነሣ ብራና አለ፤ ከክብራኑ የሚበልጥ ሄኖክ ቢገኝ የሚገኘው ከዚያ ነው።